ከተሜ ሀገር የለውምን?

በዚህ ዘመን በዓውደ ምሕረት ቆመው ሕዝብ ከሚያስተምሩት መምህራን መካከል የከተማን ሰው መንቀፍ እንደ ትልቅ ዕውቀት የያዙት በርክተዋል። ከተሜ ልቡ ባዶ ነው፤ ከተሜ መብራት እንጂ ብርሃን አያውቅም፤ ሃይማኖትና ይሉኝታ በገጠር ቀርተዋል፤ ጎረቤት ጎረቤቱን ሳያውቅ ኖሮ ሳያውቅ የሚሞትበት፣ ሙት የሚቀብርም የታጣበት ቦታ ከተማ ነው ይላሉ። ሕዝቡም ይህን በሰማ ጊዜ እልል ይላል። የሚነቀፈውም እርሱ፣ እልል የሚለውም እርሱ መሆኑ ያስገርማል። ነቃፊዎቹም ቢሆኑ ስብከታቸውን ፈጽመው የሚገቡት ወደ ዋሻ ሳይሆን በዚያው ከተማ ወዳለው ቤታቸው ነው።

እኔ በደብረ ወርቅ አድጌ ቅኔ የተማርሁ ሰው ስለ ሆንሁ የገጠርን ደግነት ለማወቅ አስተማሪ አያሻኝም። እንጀራ ለምኜ የተማርሁት ከባላገር ደጅ ነው፤ ውሻውን ያስያዘልኝ፣ ቍራሹንም የሰጠኝ እርሱ ነው። ይሁን እንጂ የባላገርን ውለታ የምንከፍለው ከተሜውን በመስደብ አይደለም። ይህ አነጋገር ሐሰት ነው ብዬ እከራከራለሁ። ሐሰት ብቻ ቢሆን ዝም ባልሁ ነበር፤ ስንት ሐሰት ሰምተን ዝም ብለናልና። ነገር ግን ከዚህ ሐሰት የተነሣ ብዙ ነፍስ ያለ እረኛ ቀርቶአል፤ ሰፈርም ጠያቂ ሳይኖረው ፈርሶአል። ይህን በየተራው እገልጣለሁ።

አስቀድመን ከመጽሐፍ የሚያመጡትን ማስረጃ እንመልከት። ከተማን መጀመሪያ የሠራ ቃየን ነው፤ ስለዚህ ከተማ ከነፍሰ ገዳይ እጅ የወጣ ርጉም ሥራ ነው ይላሉ። ቃየን ከተማ ሠርቶ በልጁ በሄኖክ ስም መጥራቱ እውነት ነው። ዳሩ ግን ቃየን ከተማ ከመሥራቱ በፊት ምን ነበረ? አራሽ ነበረ። ወንድሙንስ የገደለው ወዴት ነው? በሜዳ ነው። በከተማ አደባባይ አልገደለውም፤ ከተማ ገና አልነበረምና። ከተማውን የሠራው ደም ካፈሰሰ በኋላ፣ በፍርሃት ሲቅበዘበዝ ነው። እንግዲህ በዚህ ታሪክ ርግማን የሚፈለግ ከሆነ ከዕርሻው መጀመር ሊኖርበት ነው፤ እንዲህ ብሎ የሚሰብክ መምህር እስካሁን አልሰማሁም፤ ባይሰበክም ይሻላል። የዮናስንም ታሪክ በየዓመቱ በጾመ ነነዌ እናነባለን። ነቢዩ ከከተማዋ ወጥቶ በዳስ ጥላ ተቀምጦ ጥፋቷን ሲጠባበቅ፣ እግዚአብሔር ከ120,000 የሚበልጡ ሰዎች ስላሉባት እንደሚያዝንላት ነገረው። ዛሬም ከከተማው ሳይወጡ በልባቸው ዳስ ሠርተው የሚጠባበቁ ዮናሶች አሉን፤ የሚያዝኑትም ቅሏ በደረቀችባቸው ጊዜ ብቻ ነው።

ስለ ብሕትውና አንሥተው የሚከራከሩኝም አሉ። የመነኮሳት አባት እንጦንስ በበረሃ ሳለ፣ በከተማ የሚኖር አንድ ሐኪም በሥራው እንደሚተካከለው እንደ ተገለጠለት በአበው ዜና ተጽፎአል። ያም ሐኪም ከፍላጎቱ የተረፈውን ለድሆች እየሰጠ በየቀኑ ከመላእክት ጋር ሥሉስ ቅዱስን የሚያመሰግን ነበረ። ይህን ታሪክ ለመነኮሳት የትሕትና ማስተማሪያ እናደርገዋለን፤ መልካም ነው። ለከተሜው መጽናኛ ሆኖ ሲነገር ግን ሰምቼ አላውቅም። ያ ሐኪም ቢሰማ ምን ይል ይሆን?

አሁን ወደ ቃሉ እንምጣ፤ የቅኔ ተማሪ ከቃል ርቆ አይሄድም። በግዕዝ ሀገር ማለት ከተማ ነው። ኢየሩሳሌም ሀገር ትባላለች፤ ነነዌም ሀገር ትባላለች። ጌታችን በተራራ ላይ ስላለችውና ልትሰወር ስለማትችለው ከተማ ባስተማረ ጊዜ የግዕዙ ወንጌል ከተማዪቱን ሀገር፣ ተራራውን ደብር ይለዋል። ቤተ ክርስቲያኗን በኮረብታው ላይ፣ ከተማውን በዙሪያዋ አድርጎ ደብረ ወርቅን ያየ ሰው ለዚህ ቃል ሌላ ትርጓሜ አይፈልግም። በአማርኛችን ግን ሀገር የሚለው ቃል ከከተማ ወጥቶ ሄደ። ባላገር ያልነው ገበሬውን ነው፤ አገር ያለው ማለት ነው። እንግዲያስ ከተሜው አገር የሌለው ሊባል ነው። ከተማ የሚለውም ቃል ንጉሥ ድንኳን ተክሎ የሚሰነብትበትን ቦታ ያመለክት ነበረ፤ በእንዲህ ያለ ቦታ ከተመ፣ በዚያም ከረመ እየተባለ በዜና መዋዕል ይጻፋል። ሰፈርም እንዲሁ ሠራዊት የሰፈረበት ማለት ነው። አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. በተቈረቈረች ጊዜ መኳንንቱ በየጉብታው ስለ ሰፈሩ የራስ እገሌ ሰፈር፣ የደጃች እገሌ ሰፈር ተባለ፤ ባለ እጆቹ የሰፈሩበትም ሠራተኛ ሰፈር ተባለ። ሠራዊት ሲነሣ ድንኳን ይነቀላል፤ ቦታውም ሜዳ ይሆናል። ከዚያ ወዲህ ከ130 ዓመት በላይ አልፎአል፤ አሳቡ ግን እስከ ዛሬ ከልባችን አልወጣም። ከተማን የምናየው እንደ ድንኳን ነው፤ ከተሜንም እንደ ዘማች።

ይህን ለማረጋገጥ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። አዲስ አበባ ተወልዶ፣ አባቱም በዚያው የተወለደውን ሰው አገርህ ወዴት ነው ብለን እንጠይቀዋለን። አዲስ አበባ ነው ቢለን አንቀበለውም። የአባትህስ እንለዋለን። የአያትህስ እንለዋለን። ዓይኑ ያላየውን አንድ ወንዝ፣ እግሩ ያልረገጠውን አንድ ቀበሌ ከአፉ እስክናወጣ ድረስ አንለቀውም። እርሱም ደክሞት ቢቸና ነው፣ ወይም መንዝ ነው ይለናል፤ ያን ጊዜ ደስ ይለናል። ይህ ጥያቄ በዘመናችን ምን ያህል እንባና ደም እንዳፈሰሰ አሁን አላነሣም፤ እርሱ ሌላ መጣጥፍ ያሻዋል። የአሁኑ ነገሬ፣ የሚኖርበት አገሩ አይደለም፤ አገሩ የተባለውም አይኖርበትም ነው። የሰውን ልብ እንዲህ በሁለት ቦታ ከፍለን ካበቃን በኋላ ከተሜ ልብ የለውም ብለን እንሰብካለን።

ዕውቀታችን ሁሉ ከገጠር የመጣ ነው የሚሉትም ታሪኩን ግማሹን ነው የሚያወሩት። ዋሸራና ጎንጅ፣ ዲማና ደብረ ኤልያስ ቅኔን እንደ ጠበቁ አልክድም፤ ብክድ አፌ ራሱ ይመሰክርብኛል። ነገር ግን ቅዱስ ያሬድ ያዜመው በአክሱም ከተማ፣ በንጉሥ ገብረ መስቀል ፊት ነው። የመጻሕፍት ትርጓሜ ላይ ቤትና ታች ቤት ተብሎ የተለየውም በጎንደር ከተማ ነው። አንድም እያልን ስናመሠጥር የምንውልበት ትምህርት የከተማ ልጅ ነው ማለት ነው። ከጎንደር ገበያ ጫጫታ አጠገብ ተቀምጠው ያመሠጠሩትን ሊቃውንት ልባቸው ባዶ ነበር የሚል ማን ነው? ዮሐንስ አፈ ወርቅም የአንጾኪያ ልጅ ነው። በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ387 ዓ.ም. የአንጾኪያ ሰዎች ስለ ግብር ተቈጥተው የንጉሡን ሐውልቶች ከሰባበሩ በኋላ፣ ምን ቅጣት ይመጣብን ይሆን እያሉ ሲንቀጠቀጡ፣ እርሱ በዐቢይ ጾም እየወጣ ያጽናናቸውና ይገሥጻቸው ነበር። ከዚያ አስቀድሞ በተራራ ከመነኮሳት ጋር ኖሮ ነበር። ተራራውን ከሚያውቅ ሰው ከተማውን መናቅ አልተገኘም። ተራራውን ሳናውቅ ከተማውን የምንንቅ እኛ ነን።

ወደ ከተሜው ልብ እንግባ። ንጋት 12 ሰዓት ላይ በአዲስ አበባ በእስጢፋኖስ፣ በራጉኤል ወይም በጊዮርጊስ ደጅ የቆመ ሰው የምለውን ያውቃል። ሰዎች እየሮጡ መጥተው ከቅጥሩ ውጭ ቆመው ሦስት ጊዜ ይሰግዳሉ፤ ግንቡን ይሳለማሉ፤ ተመልሰውም ይሮጣሉ። በታክሲ ያለውም በመስኮት አይቶ ያማትባል። ይህን ነቃፊዎች የደጅ ክርስትና ብለው ይቀልዱበታል፤ እግዚአብሔርን እንደ መንገድ ሰው በሰላምታ የሚያልፍ ሕዝብ ነው ይላሉ። እኔም እጠይቃቸዋለሁ፤ በዚያች ግማሽ ደቂቃ ውስጥ ምን እንዳለ ያውቃሉን? ሌሊቱን ልጇ ሲያተኵስባት ያደረች እናት አለችበት። ኪራይ ጨምር፣ ያለዚያ ልቀቅ የተባለ አባት አለበት። ከሥራ የሚቀነሱ ሰዎች ስም ተጽፎአል የሚል ወሬ ሰምቶ ለሚስቱ ያልነገረ ጸሐፊ አለበት። ባላገር እንዲህ ያለ ጭንቀት ቢያገኘው በሬውን እየነዳ ያንጎራጕረዋል፤ ለወንዙም፣ ለጋራውም ይነግረዋል። ከተሜው የሚያንጎራጕርበት ቦታ የለውም። ሌሊት በአንዲት ክፍል አምስትና ስድስት ሆኖ ያድራል፤ ቀን በመንገድ ትከሻ ለትከሻ ይጋፋል፤ በመሥሪያ ቤትም ከአለቃ ዓይን ፊት ይውላል። ለብቻው የሚሆንባት ጊዜ ያች ግማሽ ደቂቃ ብቻ ናት፤ እርሷንም ለእግዚአብሔር ሰጣት። ሁለት ሳንቲም የጣለችውን መበለት ስናመሰግን የምንኖር ሰዎች በዚህ መቀለድ አይገባንም ነበር።

በቅኔ ቤት ሳለን ተማሪው ቅኔ ለመቍጠር ሲወጣ ደበሎውን ተከናንቦ ከአንድ ዛፍ ሥር ይቀመጣል። የሚያልፈው ሰው አያነጋግረውም፤ ዝም በሉት፣ እየቈጠረ ነው ይባላል። ዓይኑ ክፍት ሆኖ አያይም፤ ጆሮውም ክፍት ሆኖ አይሰማም፤ ይህ ግን ለስንፍና አይቈጠርበትም። ከተሜውን በታክሲ ሰልፍ ላይ ዓይኑ ፈዝዞ፣ ከንፈሩ በቀስታ እየተንቀሳቀሰ ባያችሁት ጊዜ እርሱም እየቈጠረ ነው። የሚቈጥረው ብር ነው ትሉኝ ይሆናል። ብርም ይቈጥራል። በዚያ ቈጠራ ውስጥ ግን የልጅ ትምህርት ቤት፣ የእናት መድኃኒት፣ ለወንድም የተገባ ዋስትና አለበት፤ ቤት የማይመታለትም በዚህ ነው። ከመካከላቸውም ውዳሴ ማርያምን በቃሉ እያደረሰ የቆመ ስንት እንዳለ እኛ አናውቅም፤ የመጽሐፉ ድጕስ ከእጁ ላይ ስለማይታይ።

ከእኛው ከምሥራቅ ጎጃም ወጥተው በአዲስ አበባ አስፋልት ላይ ሎተሪ የሚያዞሩትን ወጣቶች ደግሞ እዩ። ከእነርሱ ውስጥ ዳዊት የደገመ፣ ቅኔ የጀመረ ዲያቆን አይጠፋም። ቀኑን ሙሉ ለሌላ ሰው ዕድል ሲሸጡ ይውላሉ፤ ማታ ኪራዩን ለብዙ ተካፍለው በአንዲት ክፍል ያድራሉ። ፋሲካ ሲመጣ ወደ አገራቸው የማይሄዱት የአውቶቡስ ዋጋ ስለ ጠፋ ብቻ አይደለም። ለእናት ነጠላ፣ ለአባት ጋቢ ሳይዙ ባዶ እጅን መግባት ስለሚያሳፍር ነው። እናት በስልክ እንዴት ሰነበትህ ልጄ ስትለው፣ ደኅና ነኝ እናቴ፣ ሥራውም መልካም ነው ይላል። ያን ቀን እህል አልቀመሰ ይሆናል። ይህ ሰው ልቡ ባዶ ነውን? እኔስ ከሞላበት ብዛት የተነሣ እንዳይፈነዳ እፈራለሁ። ንስሐ አባትህ ማን ናቸው ብትሉት አገር ቤት ናቸው ይላችኋል። አገር ቤት ያሉት አባት ልጃቸውን ካዩት ዓመታት አልፈዋል፤ በአዲስ አበባ ካሉት አንዱ ካህን ደግሞ ሎተሪ ሲገዛው እንጂ የማን የነፍስ ልጅ ነህ ብሎ ሲጠይቀው አልታየም።

ይህን የከተሜ ልብ የጻፉልን ዓለማውያን ደራሲዎች እንጂ እኛ አይደለንም። በዓሉ ግርማ በ1962 ዓ.ም. ባሳተመው ከአድማስ ባሻገር በተባለው መጽሐፉ አበራ የሚባል ሰው አሳየን፤ ሥራም ቤትም ያለው፣ ነገር ግን ሥዕል የመሳል ምኞት በልቡ እሳት ሆኖበት የሚብሰለሰል ሰው ነው። በመምህራን ዘንድ መጽሐፉ ስለ መጠጡና ስለ ዝሙቱ ይነቀፋል፤ ስለዚያ የሚሉት ይሁን። ይልቅስ እንዲህ ያለ ሰው ወደ እኛ መጥቶ ልቤ ነደደብኝ ቢለን ምን እንመልስለት ነበር? ይህን ያህል ጹም፣ ይህን ያህል ስገድ ብለን እንሸኘው ነበር፤ ምን እንዳነደደው ግን አንጠይቀውም። የሐዲስ ዓለማየሁን ፍቅር እስከ መቃብርንም (የታተመው በ1958 ዓ.ም. ነው) የእኛ አገር ሊቃውንት ዲማን ስለሚያነሣ ይወዱታል። የባላገር ጌቶች ያሳደዱት በዛብህ የሸሸው ወደ አዲስ አበባ መሆኑን ሲያነሡ ግን አልሰማሁም።

ሁለተኛው ነገሬ ይህ ነው። ከተማ ድንኳን ነው፣ ከተሜም እንግዳ ነው ብለን ስንሰብክ ከኖርን፣ ድንኳኑን የሚነቅል ሲመጣ በምን አፋችን እንናገራለን? በሐምሌ 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ የከተማን ቦታና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ካደረገ በኋላ ብዙ ሰው የቀበሌ ቤት ተከራይ ሆኖ ኖረ። ኪራዩ ጥቂት፣ ግድግዳው ጭቃ፣ ጣራው ዝገት የበላው ቆርቆሮ፣ መጸዳጃውም ለብዙ ቤት አንድ ነበረ። እንዲህ ሆኖ 40 ዓመትና ከዚያም በላይ ቆየ። በ2016 ዓ.ም. በፒያሳ ዶሮ ማነቂያ፣ በ2017 ዓ.ም. መጀመሪያ ደግሞ በካዛንቺስ፣ ለኮሪደር ልማት ተብሎ ሰፈሩ ፈረሰ። ከካዛንቺስ ከተነሡት ብዙዎቹ ገላን ጉራ ወደሚባለው ቦታ ተወሰዱ። ካዛንቺስ ስሙን ያገኘው ጣሊያኖች በወረራው ዘመን ለሠራተኞቻቸው ከሠሩት ቤት ነው። በባዕድ ቋንቋ የተሰየመ ሰፈር ነበረ፤ ነገር ግን ሰዉ ከ80 ዓመት በላይ ሲወልድበትና ሲቀብርበት ስሙን ክርስትና አንሥቶት ነበር።

ሰፊ መንገድን፣ ውኃ የሚወርድበትን ቤት የጠላሁ አይምሰላችሁ። ጭቃው ይሻላል የሚለኝ ሰው ቢኖር፣ በዚያ ጭቃ ቤት አንድ ክረምት ከርሞ ቢነግረኝ ደስ ይለኛል። የምጣላው ከመስፈሪያው ጋር ነው። ሰፈረ የሚለው ግስ በአማርኛችን ኅብር ነው፤ ተቀመጠ ማለትም ነው፣ እህል ለካ ማለትም ነው። ሕዝቡ የሰፈረበትን ሹማምንቱ ሰፈሩት። የመንገዱ ወርድ፣ የጣራው ስፋት፣ የካሳው ብር ተሰፈረ። እድሩ አልተሰፈረም። በየወሩ የሚዞረው ጽዋ፣ በየሰንበቱ የሚሰናዳው ሰንበቴ አልተሰፈረም። የታመመችውን አሮጊት ጠዋት በሩን ገፍታ እትዬ እንዴት አደሩ የምትላት፣ ቡናም የምታፈላላት ጎረቤት በማንኛውም መዝገብ አልገባችም። ወርቅ አንጥረኛ ሰሙን የሚያቀልጠው በዙሪያው ያለው ጭቃ ከደረቀ በኋላ ነው፤ አስቀድሞ ያቀለጠው እንደ ሆነ ወርቁ የሚፈስስበት ቅርጽ ያጣል። የሰፈሩን ሰም ያቀለጡት ሰዎች ይህን የእጅ ሥራ ማየት ነበረባቸው።

ከተሜ ሙት አይቀብርም ላሉትም መልሱ ከዚሁ ይገኛል። እድር የሚባለው ማኅበር ያደገው በከተማ ነው። ከየአገሩ ተሰባስቦ ዘመድ ያጣ ሰው፣ ብሞት ማን ይቀብረኛል ብሎ በሰጋ ጊዜ ጎረቤቱን በየወሩ መዋጮ ዘመድ ያደረገበት ሥርዓት ነው። ድንኳን ገዛ፣ ወንበር ገዛ፣ ብረት ድስት ገዛ፤ ጡሩምባ ነፊም ቀጠረ። በገጠር ደም የሚሠራውን በከተማ ቃል ኪዳን ሠራው። አሁን ይህ ሰው ከሰፈሩ ተነሥቶ፣ የእድሩ አባላት በየሕንፃው ደርብ ላይ ሲበተኑ፣ ድንኳኑ አንድ ቦታ፣ የድንኳኑ ሰዎች ሌላ ቦታ ሲሆኑ፣ ከአራተኛ ደርብ አስከሬን የሚያወርድ ሰው ይታጣል። ያን ጊዜ ሰባኪው ይነሣና፣ አያችሁ፣ ከተሜ ጎረቤቱን አያውቅም ይላል። ጎረቤቱንማ ያውቅ ነበር፤ ጎረቤቱን ወስደውበት ነው!

እኛስ በዚያ ጊዜ ምን አልን? ባላገርን ከመሬቱ ቢያነሡት ጩኸታችን ሰማይ በደረሰ ነበር፤ የአያት የቅድመ አያቱ አጥንት ያረፈበት ርስቱ ነው፣ እትብቱ የተቀበረበት ነው እንላለን፤ ማለትም ይገባናል። በካዛንቺስ ተወልዳ፣ በካዛንቺስ ድራ፣ በዑራኤል ልጆቿን ክርስትና ያስነሣች ሴት በተነሣች ጊዜ ግን የእርሷ እትብት እትብት አልተባለም። አገር የላትምና ከአገሯ አልተነቀለችም። ዝምታችን የመጣው ከፍርሃት ብቻ ቢሆን ኖሮ ይቅር በተባለ፤ ፍርሃት የሰው ነውና። የመጣው ግን ከትምህርታችን ነው። እንግዳ ከእንግድነቱ ቤት ቢነሣ ምን ያስለቅሳል ብለን አስቀድመን ራሳችን አስተምረናል። ስለዚህ የሰባኪው ምላስና የዶማው ስለት ሳይተዋወቁ በአንድ ሥራ ላይ ተገናኙ።

ስለ ንስሐ አባትነትም ጥቂት ልናገር፤ ይህ ክፍል በእኛ በካህናቱ ላይ ስለሚወድቅ ቅር የሚለው እንደሚኖር አውቃለሁ። በከተማ አንድ ካህን ብዙ መቶ የነፍስ ልጆች ይይዛል። በዓመት በዓል ጠበል ረጭቶ፣ መስቀል አሳልሞ፣ ቡና ጠጥቶ ያልፋል። የልጁን ስም ያውቃል፤ የልጁን ሐሳብ አያውቅም። ሰፈሩ በፈረሰ ጊዜ ልጆቹን ተከትሎ አዲሱን ደርብ የወጣ ካህን ቢኖር እግዚአብሔር ያክብረው፤ እርሱን አልናገርም። የምናገረው መንገዱ ራቀኝ ብሎ የቀረውን ነው። ለደብሩ ቅጥር ዙሪያ ሱቅ ሠርቶ ለማከራየት ስንመክር ስንት ስብሰባ አደረግን? የተነሡት ምእመናን ወዴት እንደ ሄዱ ስማቸውንና አዲሱን ቤታቸውን ለመጻፍ ስንት ጊዜ ተሰበሰብን? ሥራው ከባድ አይደለም። አንድ መዝገብ፣ ሁለት ዲያቆናት፣ የአንድ ሳምንት እግር ጕዞ ነው። ሰበካው የእድሩን ዳኛና ጸሐፊ ጠርቶ ሰዎቻችሁ ወዴት ወዴት ደረሱ ቢላቸው፣ ከማንም ሹም ይልቅ አስተካክለው ይነግሩታል። ሰፈር የሚያነሣውም መንግሥት ቢሆን አንድን እድር ሳይበትን በአንድ ሕንፃና በአጠገቡ እንዲያሰፍር መለመን፣ እምቢም ቢል ደግሞ መለመን የቤተ ክህነት ፋንታ ነበረ፤ ዛሬም ነው፤ ገና የሚነሣ ሰፈር አለና።

ይህ የአዲስ አበባ ነገር ነው፣ እኛን አይነካንም የሚሉኝ በደብረ ወርቅና በቢቸና፣ በሞጣም ያሉ ወንድሞቼ አይጠፉም። ይነካቸዋል። በእነዚህ ትናንሽ ከተሞች ለትምህርት ከገጠር የመጣ ልጅ ክፍል ተከራይቶ ይኖራል፤ እሑድ እሑድ የሳምንት እንጀራውን ከእናቱ ቤት ተሸክሞ ይመጣል፤ ሐሙስ ሲሆን እንጀራው ሻግቶ የሻገተውን እየፋቀ ይበላል። ይህ ልጅ ባላገር ነው ወይስ ከተሜ? በ2015 ዓ.ም. በክልላችን የተነሣው ውጊያ የብዙ ትምህርት ቤት በር በዘጋ ጊዜ ከእነዚህ ልጆች ስንቱ ወደ እናቱ እንደ ተመለሰ፣ ስንቱ ዓባይን ተሻግሮ እንደ ሄደ የቈጠረ አጥቢያ ካለ ብሰማ እወዳለሁ። በአንዲት ክፍል ለብቻው ሆኖ ሌሊት የሚያስበውን የጠየቀው ማን ነው? ቀን ግን በመንገድ ጠጉሩን አይተን እንገሥጸዋለን።

አንድ የማከብራቸው ሊቅ ይህን ነገር ባነሣሁባቸው ጊዜ፣ ለከተሜው ይህን ያህል ካዘንህለት ለገጠሩ ማን ያዝንለታል፣ የአገራችን ሕዝብ የሚበዛው ገበሬ አይደለምን አሉኝ። በ1999 ዓ.ም. በተደረገው ቈጠራ ከ100 ሰው 16 ያህሉ ብቻ በከተማ ይኖር ስለ ነበረ ነገራቸው ከቍጥሩ ጋር ይስማማል። ነገር ግን ጌታዬ፣ እነዚያ 16ቱ የማን ልጆች ናቸው? ለገጠሩ ማዘን ሎተሪ የሚያዞረውን ልጁን ከመፈለግ ይጀምራል። ቅዳሜ በገበያ ቀን እህሏን ሸጣ የምትመለስ እናት፣ ከአዲስ አበባ የመጣ ቄስ ባየች ጊዜ መስቀሉን ተሳልማ፣ አባቴ፣ ልጄን አይተውልኛል ትለዋለች። እርሱም ከተማው ሰፊ ነው፣ አላየሁትም ይላታል። እርሷም እውነት ነው ብላ አህያዋን እየነዳች ትሄዳለች።